በራችን ላይ የተቀመጠችው ሴት

ፊልሙ ስድስት ደቂቃ ነው፤ አንድም ቃል አይነገርበትም። አንድ ቤት አለ። ቤቱ አንድ በር አለው፤ በሩ ላይ ነጭ መጋረጃ ተሰቅሏል፤ ከመጋረጃው ፊት አንዲት ሴት በርጩማ ላይ ተቀምጣለች። ወደ ቤቱ የሚመጣ ሁሉ እሷ ዘንድ ሲደርስ ይቆማል። ሴትየዋ ጆሮው ላይ የሆነ ነገር ታንሾካሹካለች፤ እንግዳው መልኩ ይለወጥና ሌላ ሰው ሆኖ ይገባል። እሷ ደግሞ እንግዳ በመጣ ቁጥር ትንሽ ትንሽ እያደገች ትሄዳለች። መጨረሻ ላይ ራሷ በር ሆና ቤቱን ትዘጋዋለች።

እያንዳንዱን ሥዕል በእጄ ነው የሳልኩት። ያዩት የሙያ ጓደኞቼ «ስለ ለውጥ ነው፣ አይደል?» ይሉኛል። «አዎ» እላቸዋለሁ። ስለ አሰጋሽ ነው ብላቸው ማን ያውቃታል?

እናቴ ታውቃታለች። ባለፈው እሁድ ኮዬ ፈጬ ኮንዶሚኒየም ቤቷ ሄጄ ላፕቶፑን ከፊቷ አስቀመጥኩላት። መነጽሯን አደረገች፤ ጉልበቷን በነጠላዋ ሸፈነች፤ እስኪያልቅ አየችው። ሲያልቅ መነጽሯን አውልቃ በነጠላዋ ጫፍ ስትጠርግ ቆየች።

«ይሄን ፊልም እኔ ካንቺ በፊት አይቼዋለሁ» አለችኝ።

«የት? ማን አሳየሽ?» አልኳት ቶሎ ብዬ። ሥራዬን የሰረቀኝ ሰው ያለ መስሎኝ ነበር። ተጠራጣሪ ነኝ። ጓደኞቼ በዚህ ይስቁብኛል፤ እኔ ግን የጀመረኝን ቀን ጭምር አውቀዋለሁ።

ያን ጊዜ የምንኖረው አቃቂ፣ ከባቡር ጣቢያው ወረድ ብሎ፣ ተያይዘው ከተሠሩት የቀበሌ ቤቶች በአንዱ ነበር። በራችን ወደ ምሥራቅ፣ ወደ ሐዲዱ ይመለከታል። ባቡር ባለፈ ቁጥር መደርደሪያው ላይ ያሉት ብርጭቆዎች እርስ በርስ ይንኳኳሉ፤ የናፍጣው ሽታ ቤት ድረስ ይገባል። ገና ሰባት ዓመት አልሞላኝም። እናቴ ብዙወርቅ ወንድሜን ቀናውን ወልዳ ጓዳ ተኝታለች። ቤቱ አጥሚት፣ ጤና አዳምና ቅቤ ቅቤ ይሸታል። አባቴ አምባው የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ሠራተኛ ነው፤ ፈረቃው ሲለዋወጥ አንዳንዴ ቀን ይተኛል፣ አንዳንዴ ማታ የለም። እኔ የከሰዓት ተማሪ ስለሆንኩ ጠዋት ጠዋት ግቢው የእኔ ነው።

ከዕለታት አንድ ቀን ማለዳ ጋሽ ፈየራ መጡ። ጋሽ ፈየራ ሐዲድ የሚጠግኑ ሰው ናቸው፤ ከአጎቴ ከተሰማ ጋር ባቡር መሥሪያ ቤት ይሠራሉ። አባቴን ቦኖው ጋ ወስደው አንድ ነገር ነገሩት። አባቴ እርጥቡ መሬት ላይ፣ ጭቃው ላይ ቁጭ አለ። ትልቅ ሰው ጭቃ ላይ ሲቀመጥ አይቼ ስለማላውቅ ሳቄ መጣ። ጎረቤታችን አሰጋሽ ባልዲዋን ይዛ እዚያው ቆማ ነበር። ባልዲው ሞልቶ ሲፈስ ዝም ብላ አየችው። ከዚያ ውሃውንም ባልዲውንም ትታ ቤቷ ገባችና በሯን ዘጋች።

ስትወጣ መዶሻና ነጭ አቡጀዲ ይዛ ነበር። አሰጋሽ ልብስ ሰፊ ናት፤ ከእኛ ሦስተኛው በር ላይ የሲንጀር ስፌት መኪናዋን አስቀምጣ ለሰፈሩ ሁሉ ትሰፋለች። ማንንም ሳታስፈቅድ በራችን መቃን ላይ ሚስማር መታች፤ አቡጀዲውን ሰቀለች፤ በርጩማዋን አምጥታ ከፊቱ ተቀመጠች።

«እትዬ አሰጋሽ፣ ምን እያደረግሽ ነው?» አልኳት።

«አራስ ንፋስ እንዳይመታት ነው፣ ጠጄ።»

ትናንትም ከትናንት ወዲያም ንፋስ ነበር። የዛሬው ንፋስ ምን የተለየ ነገር አለው? ፊቷን አየሁት። ዓይኗ ቀልቷል። የተጣላ ሰው ዓይን መሰለኝ። የጀመረኝ ያን ጊዜ ነው።

ከዚያ ቀን በኋላ አሰጋሽ ከበራችን አልተነሳችም። ሥራዋን እዚያው አምጥታ በእጇ ትጠቅማለች፣ ትዘመዝማለች፣ ዓይኗ ግን መንገዱ ላይ ነው። ሴቶቹ ገንፎ ሊበሉ፣ አራስ ሊጠይቁ ይመጣሉ፤ አንዷም በቀጥታ አትገባም። አሰጋሽ እንደ ጣቢያው ሹም እጇን ዘርግታ ታስቆማቸዋለች። አንገታቸውን ያሰግጋሉ። ሹክሹክታው ይቀጥላል። ወደዚያ ጠጋ ስል «ሂጂ፣ ከልጆቹ ጋር ተጫወቺ» እባላለሁ።

ከሁሉ የገረመኝ ነጠላቸው ነው። ሲመጡ ጥለቱን ወደ ላይ አድርገው አንገታቸው ላይ ጠምጥመውታል። በሩ ጋ ሲደርሱ ፈጠን ፈጠን ብለው ይፈቱታል፤ ይገለብጡታል፤ እንደ ወትሮው ያጣፉታል። ፊታቸውን በመዳፋቸው ይጠርጋሉ። ከዚያ መጋረጃውን ገለጥ አድርገው፣ ከየት እንዳመጡት የማላውቀውን ሳቅ ፊታቸው ላይ አድርገው፣ «እንኳን ማርያም ማረችሽ!» እያሉ ይገባሉ። ሲወጡ ደግሞ እንደገና ይገለብጡታል። የእናቴ አክስት እማማ ዙፋን እንኳ፣ ከሳሪስ ድረስ በከዘራ የሚመጡት አሮጊት፣ በራችን ላይ ቆመው አሰጋሽ ነጠላቸውን ስታዞርላቸው አይቻለሁ። እማማ ዙፋን ለማንም የሚታዘዙ ሰው አልነበሩም። ይቺ ሴት ምን አድርጋቸው ነው?

ጓደኛዬ አደሴ መልሱን ነገረችኝ። አደሴ ከወንዙ ማዶ ከገበሬዎቹ መንደር ነው የምትመጣው፤ የእንጀራ እናት አላት፤ ስለዚህ በነገሩ ላይ አዋቂ ናት።

«የእኛም እንዲህ ነው የጀመረችው» አለችኝ ደብተሯን እያገላበጠች። «እናቴ ስትታመም ላግዝ ብላ መጣች። መጀመሪያ በር ላይ ተቀመጠች። ከዚያ ማድቤት ገባች። ከዚያ በቃ።»

«በቃ ምን?»

«በቃ ገባቻ!»

ትምህርት ቤት የቀረውን ቀን ምን እንደተማርን አላስታውስም። እናቴ ጓዳ ተኝታ፣ ሰውነቷ ደክሞ፣ ከደጅ ያለውን ሳታውቅ ሌላ ሴት ቤታችንን ልትወስድ ነው። ይህ ከገባኝ በኋላ ያየሁት ነገር ሁሉ ቦታ ቦታውን ያዘ።

አንድ ጠዋት አባቴና አሰጋሽ ቦኖው ጋ ቆመው አገኘኋቸው። አባቴ ያለቅሳል። እሷ በነጠላዋ ጫፍ ዓይኑን እየጠረገችለት «ቻለው እንጂ፣ አምባው፣ እሷ እንዳታይብህ» ትለዋለች።

«እስከ መቼ ነው የምንደብቃት?» አለ አባቴ።

«ክርስትናው ይለፍ። ጠንከር ትበል። ከክርስትናው በኋላ ይነገራታል።»

«እንዴት አድርጋ ትችለዋለች?»

«ትችለዋለች» አለች አሰጋሽ። «ሰው የማይችለው ነገር የለም።»

ከግድግዳው ጀርባ ተጣብቄ ሁሉንም ሰማሁ። ለእናቴ ልነግራት ፈለግኩ፤ ስሄድ ግን ሁልጊዜ ያቺ ሴት በሩ ላይ ናት፤ ብገባም አንዷ ሌላዋ እናቴ አጠገብ ተቀምጣለች። ደግሞም ሰዎቹ እናቴን ድንጋጤ እንደሚገድላት ሲነጋገሩ ሰምቻለሁ። ብነግራት ትሞታለች፤ ባልነግራት ቤቷን ታጣለች።

በዚህ ላይ የነጩ ጨርቅ ነገር መጣ። አሰጋሽ በእጇ የምትሰፋው አንጸባራቂ ነጭ ጨርቅ ነበር፤ ሰው ሲመጣ ጠቅልላ በርጩማው ሥር ትደብቀዋለች። ጨርቁን አውቀዋለሁ። አጎቴ ተሰማ ከድሬዳዋ ነበር ያመጣው። ተሰማ የእናቴ ታናሽ ወንድም ነው፤ ባቡር ላይ ይሠራል። ከድሬዳዋ ሲመለስ ቤታችን ሳይመጣ አያድርም፤ ኪሱ ብርቱካን፣ ብብቱ ሥር ሁልጊዜ አንድ ነገር አለ። ያን ጨርቅ ሲያመጣ እናቴ በሁለት እጇ ይዛ ወደ ብርሃን ከፍ አድርጋ «እሰይ የኔ ወንድም!» ብላ ስትስመው አይቻለሁ። እንግዲህ የእናቴ ጨርቅ ነው ማለት ነው። አሁን ደግሞ ለሙሽርነቷ የምትሰፋው አሰጋሽ ናት። ቤቱን፣ ባሏን፣ ጨርቋን ጭምር!

የሚያድነን አጎቴ ብቻ እንደሆነ ወሰንኩ። ተሰማ አሰጋሽን በአንድ ቃል ከበራችን ያስነሳታል። ነገር ግን ልጁ ከተወለደ ወዲህ መጥቶ አያውቅም። እናቴ ደጋግማ «ተሰማ ምነው ጠፋ?» ስትል ሴቶቹ «ሥራ በዝቶበት ነው፤ መስመሩ ተበላሽቶ ነው» ይሏታል። በኋላ ላይ መጠየቁን ተወች። ለምን እንደተወች ያኔ አላሰብኩበትም።

እዚህ ላይ ልጅቷ የማታውቀውን ልናገር። አጎቴ ሞቷል። አዋሽ ላይ ወባ ያዘው፤ ድሬዳዋ ሲደርስ ራሱን አያውቅም ነበር፤ እዚያው ተቀበረ። ጋሽ ፈየራ ያን ማለዳ ያመጡት ወሬ ይህ ነው። አራስ ደግሞ መርዶ አይነገራትም፤ ወተቷ ይነጥፋል፣ ደሟ ይፈላል ይባላል። ስለዚህ ለቅሶው ሳሪስ እማማ ዙፋን ቤት ተቀመጠ። ሴቶቹ ከዚያ ሲያለቅሱ ውለው፣ ነጠላቸውን እንዳዘቀዘቁ መጥተው፣ በራችን ላይ ሐዘናቸውን ገልብጠው ይገቡ ነበር። አሰጋሽ በሩ ላይ የተቀመጠችው ያልሰማ ሰው ገብቶ አንደበቱ እንዳያመልጠው፣ የሰማውም ነጠላውን ሳያስተካክል እንዳይገባ ነው። ይህን ያወቅኩት ትልቅ ልጅ ከሆንኩ በኋላ ነው። አውቄም ቢሆን ከአሰጋሽ ጋር አልታረቅኩም። ለእናቴ ደግ ሠርታ ሊሆን ይችላል፤ አባቴን ግን ምን ፍለጋ ነው ዓይኑን የምትጠርገው? እያልኩ ፊልም እስክሠራባት ድረስ ቆየሁ።

ሞቶ የተቀበረውን አጎቴን ልጠብቅ ጣቢያ ሄድኩ። ጠዋት ነበር። ባቡሩ ሲመጣ መሬቱ እግሬ ሥር ተንቀጠቀጠ፤ በሮቹ ተከፈቱ፤ ከበሮቹ ጆንያ ወረደ፣ ዶሮ ወረደ፣ ሰው ወረደ። እያንዳንዱን በር አየሁ። ከአንዱ በር የተሰማ ኮፍያ ዓይነት ኮፍያ ያደረገ ሰው ሲወጣ ሮጥኩ፤ ሌላ ሰው ነበር። ባቡሩ ሄደ። እዚያው ቆሜ ቀረሁ።

ጋሽ ፈየራ ከሐዲዱ ማዶ አዩኝ። መዶሻቸውን ጥለው መጡ።

«ማንን ነው የምትጠብቂው፣ ልጄ?»

«አጎቴን። የምነግረው ነገር አለኝ።»

ጋሽ ፈየራ ኮፍያቸውን አወለቁ፤ መልሰው አደረጉ። ወደ ሐዲዱ ዞረው ብዙ ጊዜ አንገታቸውን አከኩ። ከዚያ ወደ አንዲት ብርቱካን ሻጭ ሄደው ሁለት ትልልቅ ብርቱካን ይዘው ተመለሱ።

«ይኸው፣ እሱ ነው የላከልሽ» አሉኝ። «ለእናትሽም አንድ ስጪያት።»

ብርቱካኖቹን ደረቴ ላይ ይዤ ወደ ቤት በረርኩ። አሰጋሽን በክንዷ ሥር ሾልኬ አለፍኳት። «ጠጄ! ቆይ!» ስትል ሰማኋት። እናቴ ቀናውን እያጠባች ነበር።

«እማዬ፣ አጎቴ ብርቱካን ላከልሽ! ዛሬ በመጣው ባቡር!»

መጋረጃው በአንድ በኩል ተገለጠ። አሰጋሽ መቃኑን ይዛ ቆመች፤ መርፌው ከነክሩ ከንፈሯ ላይ ነው። እናቴ አሰጋሽን አየቻት። አሰጋሽ እናቴን አየቻት።

«እሰይ» አለች እናቴ። «ላጪልኝ እስቲ።»

ላጥኩላት። ዘለላ ዘለላውን እያደረገች ሙሉውን በላችው፤ ፍሬውን ብቻ መዳፏ ላይ ተፋችው። «ይጣፍጣል?» አልኳት። «በጣም ይጣፍጣል» አለችኝ። ዞር ብዬ አሰጋሽን ስፈልጋት መጋረጃው ወርዷል። ድል አደረግኳት ብዬ ያን ቀን ስዘል ዋልኩ።

ክርስትናው ደረሰ። ነጩ ጨርቅ የቀናው የክርስትና ልብስ ሆኖ ብቅ አለ፤ እስከ እግሩ ሥር የሚወርድ፣ ደረቱ ላይ በእጅ የተጠለፈ። ለአንድ አፍታ ተጠራጣሪነቴ ተናወጠ። ግን ጨርቁ ብዙ ነበር፤ የተረፈውስ የት ገባ? ብዬ መልሼ አጸናሁት።

እናቴን ባለፈው እሁድ ይህንኑ ጠየቅኳት። ላፕቶፑ ተዘግቶ ነበር። ከታች መንገዱ ላይ የሚኒባስ ረዳት ይጮኻል።

«የአሰጋሽ የሠርግ ልብስ ነበር» አለችኝ። «ተሰማ ለእሷ ነው ያመጣላት። ሁለቱ የተነጋገሩትን ከእኔ በቀር የሚያውቅ አልነበረም። ከክርስትናው በኋላ ሽማግሌ ልንልክ ነበር። ቀድዳ ለቀናው አደረገችው።»

የሳልኩትን ፊት አሰብኩት፤ ያን ጠባብ ዓይን፣ ያን የተጨመቀ ከንፈር። ሦስት ዓመት ሙሉ ያን ፊት እየደጋገምኩ ስስል ነበር።

«ፊልሙን አይቼዋለሁ ያልሽውስ?»

«መጋረጃው ላይ ነዋ! ጠዋት ጠዋት ፀሐይዋ ከጀርባቸው ስትወጣ አቡጀዲው ወለል ብሎ ያሳያል። አልጋዬ ከበሩ ትይዩ ነው፤ እዚያው ሆኜ ሁሉንም አየዋለሁ። ሲመጡ፣ አሰጋሽ ስታስቆማቸው፣ ዓይናቸውን ሲጠርጉ፣ ነጠላቸውን ሲገለብጡ። ከዚያ ይገቡና እንኳን ማርያም ማረችሽ ይሉኛል። ሰው እንደሞተብኝ የመጀመሪያውን ጠዋት ነው ያወቅኩት። ማን እንደሆነ ነበር የቀረኝ። ሁሉም እየመጣ የማይመጣውን መፈለግ ነው።»

«ታዲያ ብርቱካኑን...»

«እሱን መዋጥ ነው የከበደኝ» አለች እናቴ። «አንቺ ፊቴን እያየሽ።»

«ለምን አውቄአለሁ አላልሻቸውም?»

«ሰው እንደዚያ ሲደክምልኝ? እሷስ? እኔ ጮክ ብዬ ካለቀስኩ ሁሉም ወደ እኔ ነው የሚሮጠው። እሷ ምኑ ናት ተብላ ታለቅሳለች? ቤቷ ገብታ ብቻዋን ከምትሆን በሬ ላይ ትቀመጥልኝ አልኩ። ጥላዋን እያየሁ አብሬያት ተቀመጥኩ።»

«እሷ እንደምታውቂ ታውቅ ነበር?»

«እንጃ» አለች። «ልብስ ሰፊ ናት። አቡጀዲ ምን ያህል ስስ እንደሆነ አይጠፋትም።»

አሰጋሽ ዛሬም እዚያው አቃቂ አለች። አላገባችም። እናቴ እጄን ያዝ አድርጋ «ለእሷ ከማሳየትሽ በፊት ፊቷን አስተካክዪው» አለችኝ። ከእሁድ ጀምሮ እየሳልኩ ነው። ፊቷን ብቻ አይደለም፤ መጨረሻውንም። ምክንያቱም መጨረሻው ላይ እኔ ነበርኩ፤ ያየሁትን አሁንም አልረሳሁትም።

ከክርስትናው ማግስት ገና ሳይነጋ ነቃሁ። እናቴ ተነስታለች። አልጋው ተነጥፏል፤ ቤቱ ተጠርጓል፤ ፍራሽ መሬት ላይ ወርዷል። መጋረጃውን ከሚስማሩ አውልቃ አጣጥፋ መደርደሪያው ላይ አድርጋዋለች። በሩ ወለል ብሎ ተከፍቷል። ፍራሹ ላይ ተቀምጣ ነጠላዋን ጥለቱን ወደ አንገቷ አድርጋ ለብሳዋለች። እነሱ እንደሚያደርጉት። እሷንም እንደነሱ አደረጓት አልኩ በልቤ። ነገሯት፤ ልትሄድ ነው፤ ዕቃዋን አጣጥፋ ጨርሳለች።

ሴቶቹ በጅምላ መጡ። ሊያረዷት ነበር፤ ቃላቸውን መንገድ ላይ ሲያዘጋጁ መጥተዋል። ከፊት እማማ ዙፋን፣ ከኋላ አባቴና ጋሽ ፈየራ፣ ከሁሉም ኋላ አሰጋሽ። ክፍቱን በርና እናቴን ሲያዩ ደጁ ላይ ተገተሩ።

«ግቡ» አለች እናቴ። «ይበቃችኋል። አውቄዋለሁ።»

ከዚያ ፍራሹ ላይ ጠጋ ብላ አጠገቧ ቦታ አወጣች። በመዳፏ መታ መታ አደረገችው።

«አሰጋሽ፣ ነይ። ባለ ሐዘኗ እሷ ናት፤ አሳልፏት።»

ሴቶቹ እርስ በርስ ተያዩና ሁለት ቦታ ተከፈሉ። አሰጋሽ መሐላቸውን አልፋ፣ ያን ሁሉ ጊዜ ከፊቱ ተቀምጣ ገብታበት የማታውቀውን በር አልፋ ገባች። እናቴ አጠገብ ተቀመጠች። ከሆዷ የወጣው ድምፅ ከዚያች ዝምተኛ ሴት ይወጣል ብዬ አስቤው የማላውቀው ነበር።

እኔ መቃኑ ሥር ቆሜ ሁሉንም አየሁ። ገባች። አደሴ እንዳለችው፣ በቃ ገባች፤ ያስገባቻት ደግሞ እናቴ ራሷ ናት። በዚያው ቅጽበት ሴቶቹ ሁሉ አንድ ላይ «ተሰማ! ኧረ ተሰማ!» እያሉ መጮኽ ጀመሩ። እንዲደርስልን የሚጠሩት መሰለኝ። እንደኔው ጨንቋቸው፣ እንደኔው ሌላ ሰው ጠፍቷቸው። ፊቴን ወደ ሐዲዱ አዙሬ፣ ጉሮሮዬ እስኪሰነጠቅ አብሬያቸው አጎቴን ጠራሁት።

«እኔን፣ ሕፃኗ! ገብቷት!» አለች አንዷ።

ከሁሉ ቀድማ ከፍራሹ ተነስታ ያቀፈችኝ አሰጋሽ ነበረች። ልላቀቃት ተፈራገጥኩ፤ ክንዷን ነከስኳት። አለቀቀችኝም።